መቃወሚያዬን ለማን ላንሣ?

ጡረታ የወጣሁ ቀን የመሥሪያ ቤታችን ኃላፊ ጋቢ አለበሱኝና ንግግር አደረጉ። «አቶ ተሻገር በሥራ ዘመናቸው ቅሬታ ያልቀረበባቸው፣ እሳቸውም በማንም ላይ ቅሬታ አቅርበው የማያውቁ፣ ምስጉን ሠራተኛ ናቸው» አሉ። ሰው አጨበጨበ። በመተማ ዮሐንስ ሙቀት ጋቢ ለብሶ መቆም ራሱን የቻለ ቅጣት ነው፤ እኔን ያቃጠለኝ ግን ንግግሩ ነው። ዕድሜዬን ሙሉ የኖርሁት በሰው ቅሬታ መካከል ነው። ሰው በደሉን ይዞ ሲመጣ ተቀብዬ፣ ቁጥር ሰጥቼ፣ ፋይል ከፍቼ ኖሬያለሁ። አቤት የማይል ሠራተኛ ምስጉን በሚባልበት ቤት ውስጥ ፀጉሬን እንዳሸበትሁ ያን ዕለት ገባኝ። ጋቢውን አጣጥፌ ቤቴ ገባሁ፤ ንዴቱ ግን እስከ ዛሬ አልበረደልኝም።

የሠራተኛ አስተዳደር ባለሙያ ነበርሁ። ሳንጃ በመዝገብ ቤት ጀመርሁ፤ ከዚያ አብደራፊ፣ መጨረሻ ላይ መተማ ዮሐንስ። ደመወዙን አላነሣም፤ የመንግሥትን ደመወዝ የሚያውቅ ያውቀዋል። የሳንጃው አለቃዬ ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ብቻ ነገር ይፈራሉ። አቤቱታ ሲመጣ «እስቲ ይደር» ይላሉ። ሲያድር ደግሞ «እስቲ ይክረም»። ስንቱ አቤቱታ እሳቸው መሳቢያ ውስጥ ክረምትና በጋ እንደተፈራረቀበት እግዜር ይወቀው። የአብደራፊው ግን ሌላ ነበር። እሱ የዲሲፕሊን ኮሚቴውን «የማሰናበቻ ኮሚቴ» ነበር የሚለው፣ እየሳቀ። ሠራተኛው መርጦኝ የኮሚቴው አባል ስሆን፣ «እንኳን ደስ አለህ! አሁን ሰው ማባረር ትማራለህ» አለኝ።

ማባረር አልተማርሁም፤ ጋሽ ይመር አዳኑኝ።

ጋሽ ይመር የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ነበሩ፤ በክርክር ጊዜ መሥሪያ ቤቱን ወክለው የሚቆሙት እሳቸው ናቸው። ወሎዬ ናቸው። ቆላው ውስጥ ያን ያህል ዘመን ኖረው እንኳ ያ ለስላሳ አነጋገራቸው አልለቀቃቸውም። የክስ ወረቀት ሲደርሳቸው ከላይ ወደ ታች አያነቡም። መጀመሪያ ወደ ግርጌው ወርደው ማን እንደፈረመ ያያሉ። ቀጥሎ ቀኑን ያያሉ። ከዚያ ኮሚቴው ላይ የሚቀመጡትን ሰዎች ስም ከፈራሚው ስም ጋር ያስተያያሉ። ታሪኩን የሚያነቡት ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው፤ ያውም ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ደጋግመው። እኔ «ምን አደረገ ይላል?» ብዬ ስቸኩል፣ «አብሽር፤ ታሪኩ የትም አይሸሽም። መጀመሪያ ማን ከሰሰ፣ ማንስ ይፈርዳል በል» ይሉኛል። ተከሳሹ ሳይቀመጥ እሳቸው አይቀመጡም። ተከሳሹ መናገር ሲጀምርም ብዕራቸውን ያስቀምጣሉ። «እየጻፍሁ ከሰማሁት፣ የምሰማው የራሴን ሐሳብ ነው» ይላሉ።

አንድ ጊዜ ከመንግሥት ግምጃ ቤት የትራክተር ባትሪ ጠፋና ዘበኛው ተከሰሰ። ኮሚቴው ተሰይሞ ክሱ ሊነበብ ሲል ጋሽ ይመር እጃቸውን አነሡ።

«ይህ ሰው እዚህ ምን ሊያደርግ ተቀመጠ?» አሉ፣ ከአባላቱ አንዱን እያመለከቱ። ሰውዬው የግምጃ ቤቱ ኃላፊ ነበር። «ባትሪው የጠፋው ከሱ እጅ ነው። ምስክር ይሁን፤ ዳኛ ግን አይሆንም።»

አለቃችን ተቆጣ። «ጋሽ ይመር፣ እርስዎ የማን ነገረ ፈጅ ነዎት?»

«የመሥሪያ ቤቱ ነኝ። መሥሪያ ቤቱ ደግሞ አንተ ብቻ አይደለህም።»

ሰውዬው ተነሥቶ ሌላ ተተካ፤ ዘበኛውም በመጨረሻ ነጻ ወጣ። የዚያን ቀን ሻይ ቤት ተቀምጠን ሰሊጥ የጫኑ ተሳቢዎች በፊታችን ያልፋሉ። ጋሽ ይመር በአገጫቸው ወደ ጭነቱ እያመለከቱ፣ «ልጄ፣ መቃወሚያም እንደዚህ ሰሊጥ ነው» አሉኝ። «በቀኑ ካላጨድኸው ይከፈትና መሬት ላይ ይረግፋል። ኋላ ልልቀመው ብትል አፈር ነው የምታፍስ። ዘበኛው ዛሬ ዝም ብሎ ተፈርዶበት ይግባኝ ላይ ‹ግምጃ ቤቱ ፈረደብኝ› ቢል፣ ‹በሥር፣ ኮሚቴው ፊት፣ ያላነሣኸው አዲስ ክርክር ነው› ብለው ይዘጉበታል።»

«ታዲያ ይህ ሕግ ነው ወይስ ወጥመድ?»

«ሕጉስ ክፋት የለበትም። ሰው ነገር ደብቆ ይዞ ኋላ እንዳይመዝበት ነው። ክፋቱ ለአንዱ ዘግተው ለሌላው ሲከፍቱት ነው።»

እግዜር ነፍሳቸውን ይማርና፣ ያሉትን በዓይኔ ያየሁት እሳቸው ካረፉ፣ እኔም ጡረታ ከወጣሁ በኋላ ነው።

ሲስተር ጥሩዬን የማውቃት ከመሥሪያ ቤት ነው። ከመተማ ዮሐንስ ወጣ ባለች አንዲት የገጠር ጤና ጣቢያ ነርስ ነበረች። ብዙ የማትናገር፣ ስትናገርም ወለል ወለል እያየች የምትናገር ሴት ናት። አንድ ከሰዓት በኋላ ቤቴ መጣችና ቆማ ቀረች።

«ግቢ እንጂ! ምን ሆነሽ ነው?»

«ጋሼ፣ ከሥራ አሰናበቱኝ።»

አስቀምጬ አስጨረስኋት። ነገሩ እንዲህ ነው። ወቅቱ የሰሊጥ አጨዳ ነበር። ሳሉግ የምንላቸው የቀን ሠራተኞች ከደጋ ወርደው እርሻዎቹን ሞልተዋል። አንድ ጠዋት አንድ የትራክተር ሹፌር ጤና ጣቢያው በር ላይ ቆሞ፣ «ሲስተር፣ ካምፑ ውስጥ ሰው እያለቀ ነው» አላት። የእርሻው ተቆጣጣሪ «ወባ ነው» እያለ ኪኒን ያድላቸዋል። ትኩሳቱ ግን አልለቅ አለ፤ ሰዎቹ ከስተዋል፣ ሆዳቸው በግራ በኩል ተነፍቷል። ጥሩዬ ይህን ስትሰማ ካላዛር መሆኑን ጠረጠረች። እኛ አገር ካላዛር ምን እንደሆነ ሕፃን ያውቃል፤ በአሸዋ ዝንብ ንክሻ ይተላለፋል፣ ካልታከመ ይገድላል። ኃላፊዋ ገንዳ ውኃ ከተማ ስብሰባ ላይ ነበር። ደወለች፤ ኔትወርክ የለም። ደግማ ደወለች፤ የለም። ከዚያ የመድኃኒት ክፍል ባልደረባዋን «እርሻው ድረስ ሄጃለሁ፣ ኃላፊው ከመጣ ንገሪልኝ» ብላ፣ የመመርመሪያ ዕቃዋን ይዛ ትራክተሩ ላይ ወጣች።

ካምፑ ውስጥ ላስቲክ ሥር የተኙትን በጣታቸው ደም መረመረች። ሦስቱ ካላዛር ተገኘባቸው። ሦስቱንም ተሳቢ ላይ አስጭና መተማ ሆስፒታል አደረሰቻቸው። ይህን ያዩ ሌሎች ሳሉጎች ግን ፈሩ፤ ማጭዳቸውን እየጣሉ ወደ አገራቸው መንገድ ጀመሩ። ሰሊጡ ቆሞ ቀረ። ባለሀብቱ የጤና ጽሕፈት ቤት ድረስ መጥቶ፣ «ሠራተኛችሁ አዝመራዬን አስረገፈችብኝ!» ብሎ ጮኸ።

የተቀበለው አቶ ሙሉቀን ነው፤ የጽሕፈት ቤቱ የአስተዳደር ክፍል ኃላፊ። ጥሩዬን ጠርቶ ምን ሆነ አላላትም። የታመሙትን አላየም። «ያለ ፈቃድ የሥራ ቦታ ጥሎ መሄድ» የሚል ክስ ራሱ ጻፈ፣ ራሱ ፈረመ። የኮሚቴው ቀን ደርሶ ጥሩዬ ስትገባ፣ መካከል ላይ በሰብሳቢነት የተቀመጠው ራሱ አቶ ሙሉቀን ነበር።

«አንቺስ ምን አልሽ?» አልኋት።

«የሆነውን ተናገርሁ።»

«እሱ በመቀመጡስ?»

«ምን እላለሁ ጋሼ? አለቃዬ ነው። መቃወም እንደሚቻልስ ማን ነግሮኝ?»

ተነሥቼ በረንዳ ወጣሁ። የምሰብረው ነገር ባገኝ እሰብር ነበር። ደንቡን አርባ ጊዜ አባዝቼ ለየጽሕፈት ቤቱ ያደልሁ ሰው ነኝ። ከሳሽ ዳኛ ሆኖ እንዳይቀመጥ፣ ተከሳሹም መቃወሚያ እንዳለው አስቀድሞ እንዲጠየቅ ይላል። ሙሉቀን ይህን የማያውቅ ሰው አይደለም። ሥልጠናውን የሰጠነው አብረን ነው!

ይግባኙን አብረን ጻፍን። ፊርማው የሷ፣ ክርክሩም የሷ፤ እኔ መንገዱን ብቻ አሳየኋት። አንደኛ፣ የከሰሰው ሰው ፈርዷል። ሁለተኛ፣ ሰው ለማዳን ለአንድ ቀን ከቦታ መለየት ከሥራ አያሰናብትም። አንደኛው ላይ አዲስ ነው እንደሚሉን ጠርጥሬያለሁ፤ ሳይባል ግን መቅረት አልነበረበትም። የጎንደር መንገድ በተዘጋ ቁጥር ቀጠሮ እየተዛወረ፣ በተከፈተ ቁጥር በሚኒባስ እየተጋፋን እዚያው ፍርድ ቤት ተመላለስን።

የክርክሩ ቀን እኔ ከኋላ አግዳሚ ላይ ተቀመጥሁ። ሰብሳቢው ዳኛ መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው ጥሩዬን አዩዋት።

«ሰብሳቢው ከሳሼ ነው ብለሽ ኮሚቴው ፊት መቃወሚያ አንስተሻል?»

«አላነሣሁም።»

«ለምን አላነሣሽም?»

ጥሩዬ ለመጀመሪያ ጊዜ ዓይኗን ከወለሉ አነሣች። «ለማን ላንሣው? የምቃወመውም እሱ፣ መቃወሚያዬን የሚሰማውም እሱ ነበር።»

ዳኛው ወደ መዝገባቸው ዞረው፣ «በሥር ያልተነሣ አዲስ መቃወሚያ ነው፤ በይግባኝ አይታይም» ብለው አስመዘገቡ።

እሺ። ሕግ ነው። ጥርሴን ነክሼ ተቀመጥሁ። ቀጥሎ የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሣ። ስለ ፈቃድ ጥቂት ተናግሮ፣ «በተጨማሪም ይግባኝ ባይዋ ካምፕ ውስጥ የሰጠችው አገልግሎት ከሙያ ፈቃዷ በላይ ነው፤ የሰውን ሕይወት ለአደጋ አጋልጣለች» አለ።

ይህ ነገር ክሱ ላይ አልነበረም። ኮሚቴው ፊት አልተነሣም። ውሳኔው ላይ አልተጻፈም። ከባዶ ሜዳ የመጣ ነው። ጥሩዬም አዲስ ነገር ሲመጣ እንድትቃወም እንደ ተነጋገርነው ተነሣችና፣ «ይህ ክሴ ላይ የለም፤ አዲስ ነው» አለች። ዳኛው እጃቸውን አወዛወዙ፤ «ማብራሪያ ነው፤ ተቀመጭ» አሉ።

ለሷ ሲሆን አዲስ፣ ለነሱ ሲሆን ማብራሪያ! አግዳሚው ላይ ሆኜ ሳላስበው «ኧረ በሕግ!» ብዬ ኖሯል፤ ፖሊሱ መጥቶ ትከሻዬን ያዘኝ። ፍርዱ በሌላ ቀጠሮ ሲነበብ፣ ያ «ማብራሪያ» የውሳኔው ምሰሶ ሆኖ ቁጭ ብሏል። ያለ ፈቃድ መሄዷ ብቻውን ቢሆን ቀላል በሆነ ነበር፤ ከሙያ ፈቃዷ በላይ መሥራቷ ሲታከልበት ግን ስንብቱ ተገቢ ነው ይላል። ጸና።

በሥራ ዘመኔ ብዙ ሰው ሲረታ አይቻለሁ። አንዳንዱ ይገባዋል፣ አንዳንዱ አይገባውም። የዚያን ቀኑን ያህል ያንገበገበኝ ግን የለም። ስንመለስ ሚኒባሱ አይከል ላይ ለምሳ ቆመ። ጥሩዬ አልበላችም። ጥላ ሥር ተቀምጣ የውኃ ጠርሙሷን ታሻሻለች።

«ጋሼ» አለች።

«አቤት።»

«ኮሚቴው ጠየቀኝ፣ ፍርድ ቤቱ ጠየቀኝ። ያ ሁሉ ሰው ሲጠይቀኝ፣ የታመሙት ልጆች ዳኑ ወይ ያለኝ አንድ ሰው የለም።»

አፈርሁ። እኔም አልጠየቅኋትም ነበር። «ዳኑ?»

«ሁለቱ ድነዋል። አንዱ ዘግይቶ ነበር፤ ሆስፒታል በገባ በማግሥቱ ሞተ። የደላንታ ልጅ ነው። ስሙን የጠየቅሁት እኔ ነኝ።»

እሷን ፍርዱ ተስፋ አስቆርጧት መስሎኝ ነበር። መተማ ስንወርድ ግን፣ «ከዚህ በላይ የሚኬድበት ፍርድ ቤት አለ ብለውኛል አይደል?» አለችኝ።

«አለ። የሕግ ስሕተት ካለ ያያል።»

«እንሂድ።»

ለበላይ ፍርድ ቤቱ ያቀረብነው አቤቱታ አጭር ነበር። ጋሽ ይመር ቢያዩት ይወዱት ነበር ብዬ እገምታለሁ። ስለ ካላዛርም፣ ስለ ሰሊጥም ብዙ አላልንም። ያልነው፦ በይግባኝ አዲስ ነገር የማይነሣ ከሆነ ለሁለቱም ወገን አይነሣ፤ የሚነሣም ከሆነ ለሁለቱም ይነሣ፤ አንድ ችሎት በአንድ ቀን ሁለት ሕግ ሊኖረው አይችልም። በቃ። የዚህ ችሎት ዳኞች ነገረ ፈጁን፣ «ከሙያ ፈቃድ በላይ የሚለውን ክሱ ላይ አሳየን» አሉት። ገለበጠ፣ ገለበጠ። ማሳየት አልቻለም።

ፍርዱ ተሻረ። ጉዳዩም ወደ ዲሲፕሊን ኮሚቴው ተመለሰ። ክሱ እንደ ተጻፈው ብቻ እንደገና ይሰማ፤ ተከሳሿም መቃወሚያ ካላት እዚያው አስቀድማ ታንሣ ተባለ። ደስ ብሎኛል፤ ግን ንዴቴ አልወጣልኝም። ከሳሽ ዳኛ መሆን እንደማይችል አንድ መስመር ቢጽፉ ምን ነበረበት? አልጻፉም። ባለመጻፋቸውም የሆነውን እነሆ እናገራለሁ።

መጨረሻውን አስቀድሜ ልንገር፤ ሰው አላንጠልጥል። ኮሚቴው በሌላ ሰብሳቢ ነገሩን ሰምቶ፣ መሄዷን ሳታሳውቅ አለመቅረቷን ከባልደረባዋ አረጋግጦ፣ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ወደ ሥራዋ መለሳት። ዛሬ እዚያው ጤና ጣቢያ ናት። ማስጠንቀቂያውም ቢሆን እኔ እስከ ዛሬ አልተዋጠልኝም፤ ሁለት ሰው ላተረፈ ሰው የሚጻፍ ወረቀት እሱ አልነበረም። አቶ ሙሉቀንም እዚያው ወንበሩ ላይ አለ። ማንም አልጠየቀውም። ይህንንም መናገር ያለብኝ ይመስለኛል።

ኮሚቴው እንደገና የተሰየመበት ቀን ግን ከኖርሁባቸው ቀኖች ሁሉ ይበልጥብኛል። መብራት ጠፍቶ ስለነበር በሩ ተከፍቷል። እኔ መግባት አይፈቀድልኝም፤ ኮሪደሩ ላይ ወንበር ይዤ ተቀምጫለሁ። ጥሩዬ ገባች። አየሁ፤ ዓይኔን አላመንሁም። መካከል ላይ፣ ፋይሉን ፊቱ ዘርግቶ፣ አቶ ሙሉቀን ተቀምጧል። ፍርድ ቤት ደርሶ በተመለሰ ነገር፣ በዚያው ክስ፣ በዚያው ወንበር!

«ቁጭ በይ» አላት።

አልተቀመጠችም።

«ቁጭ በይ እኮ ነው የምልሽ። ክሱ ይነበባል።»

«ክሱ ከመነበቡ በፊት መቃወሚያ አለኝ» አለች። ድምጿ ኮሪደሩ ድረስ ይሰማል። «የከሰሱኝ እርስዎ ነዎት። ክሱ ላይ ያለው ፊርማ የእርስዎ ነው። በእኔ ላይ ሊፈርዱ አይችሉም። ከዚህ ይነሡልኝ።»

«ይኼ በፊት አልቀረበም።»

«ዛሬ አቀረብሁት። ይመዝገብልኝ።»

ጸሐፊዋ ብዕሯን ይዛ ወደ ሰብሳቢው አየች፤ ከዚያ ወደ ጥሩዬ። «እንዴት ብዬ ልጻፈው?» አለች። ጥሩዬ ደገመችላት፤ ቀስ ብላ፣ ቃል በቃል። ጸሐፊዋም ጻፈች። በሠራተኛው የተመረጡት ሁለቱ አባላት ተያዩና አንደኛው ጉሮሮውን ጠራርጎ፣ «አቶ ሙሉቀን፣ ውጭ ቢጠብቁን። መቃወሚያውን እኛ እንየው» አለ።

ወንበሩ ወለሉን ሲፍቅ ሰማሁ። ሙሉቀን ስልኩን ጨብጦ ወጣ። በፊቴ ሊያልፍ ሲል ቆመ። ላብ አጥምቆታል።

«ጋሽ ተሻገር፣ ይህን ያስተማሯት እርስዎ ነዎት» አለኝ።

«እኔ አይደለሁም» አልሁት። «ያስተማርኻት አንተ ነህ።»